ቴዎዶር በረኛው፦ ቴዎ ሊንገን የሚባለውን የድሮ ኮሜዲ ተዋናይ የሚያውቅ አለ?

ቴዲ ዘሃኖቨር

ሰላም ቤቶች። ዛሬ በወረቀት (በመኖሪያ ፈቃድ) ጉዳይ አይደለም የመጣሁት፤ በፊልም ነው።

የምሠራው ሃኖቨር፣ አንድ አልተንሃይም (የአረጋውያን መኖሪያ) ውስጥ ነው። አውስቢልዱንግ (የሙያ ሥልጠና) ከጀመርኩ ሁለተኛ ዓመቴ። እኔ ያለሁበት ፎቅ ላይ ዘጠና ያለፋቸው አንዲት እናት አሉ። የመርሳት ችግር አለባቸው። ጠዋት የነገርኳቸውን ስሜን ከሰዓት አያውቁትም። ባለፈው ሳምንት ካልሲ እያለበስኳቸው "ማነህ አንተ?" አሉኝ። ለምላሳቸው እንዲቀል ብዬ "ቴዎዶር" አልኳቸው።

ሴትዮዋ ቀጥ አሉ። አፍንጫቸውን በሁለት ጣት ያዝ አደረጉና በአፍንጫቸው ይዘፍኑ ጀመር! ዘፈኑ ቴዎዶር ስለሚባል የእግር ኳስ በረኛ ነው። አንድ ስንኝ ሳይስቱ ጨረሱት። ከዚያ ምንም እንዳልተፈጠረ ሌላኛውን እግራቸውን ዘረጉልኝ።

ከዚያ ወዲህ ስሜ አልጠፋባቸውም።

አንዷ ባልደረባዬ "የቴዎ ሊንገን ዘፈን እኮ ነው" አለችኝ። ቤት ገብቼ ስፈልግ ሰውዬው የዚሁ የሃኖቨር ልጅ ሆኖ ተገኘ። 1903 ነው የተወለደው (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ ናቸው)። የመዝገብ ስሙ ፍራንትስ ቴዎዶር ሽሚትስ ነው። ሊንገን የአባቱ የትውልድ ከተማ ነው፤ ከዚያ ነው የመድረክ ስሙን ያወጣው። ለካ ሞክሼ ነን።

ዘፈኑ ያለበትን የ1950ውን የእግር ኳስ ኮሜዲ አየሁት። አብሮት ሃንስ ሞዘር የሚባል አጭር ሽማግሌ አለ። ግማሹ ቀልድ አልገባኝም። የሞዘር ደግሞ ጭራሽ አንድም ቃል። ይህ ሊንገን ምኑ ነው የሚያስቀው? ከየትኛው ፊልም ልጀምር?

ሰብለ ግራትስ

አይዞህ ቴዲ። ሞዘር የሚለው ነገር ቪየና ተወልዶ ላደገ ሰውም ሁሌ አይገባም። እንጀራው እሱ ነበር። ያጉረመርማል፣ ዓረፍተ ነገር ይጀምራል፣ መሀል ላይ ይተወዋል፣ እጁን እያወናጨፈ ሌላ ይጀምራል። ችግሩ የጀርመንኛህ አይደለም።

ሊንገን የዚያ ግልባጭ ነው። ነፍናፋ ነው፤ ግን አንዲት ፊደል አይውጥም። ቃሉን ጥርት አድርጎ፣ በአፍንጫው፣ አገጩን ቀና አድርጎ ነው የሚወረውረው። ሁለቱን አንድ ክፍል ውስጥ ስትዘጋባቸው ነው ሳቁ የሚመጣው። አንዱ ሥርዓት ይላል፣ ሌላው ሥርዓቱን ያተራምሰዋል። ደረጄና ሀብቴን አስብ፤ አንዱን ብቻውን ብታቆመው የሆነ ነገር ይጎድላል።

ለመጀመር የ1952ቱን "ሃይዲ" እይ፣ የስዊዘርላንዱን። ታሪኩን በካርቱን ስለምናውቀው አይከብድህም። ሊንገን ፍራንክፈርት ባለው የሀብታሞች ቤት ውስጥ ዘባስቲያን የሚባለው አሽከር ነው። ሰውየው ዕድሜውን ሙሉ አሽከር ሆኖ ነው የተወነው ማለት ይቻላል።

የድሮው ተማሪ

ልጆች፣ በዚህ ስም ስትጠያየቁ በማየቴ ደስ አለኝ። እኔ ጀርመን የገባሁት በሰባዎቹ ውስጥ ነው፣ ለትምህርት። ማደሪያችን ውስጥ ለሁላችን አንድ ቴሌቪዥን ነበረች። ከ1975 ጀምሮ ዜድዴኤፍ የሚባለው የቴሌቪዥን ጣቢያ የላውረልና ሃርዲን ፊልሞች ያሳይ ነበር። ፊልሙ ከመጀመሩ በፊት አንድ ሽማግሌ ብቅ ይላል። ሙሉ ልብስ፣ ረጅም ፊት፣ በመሀል የተከፈለ ለጥ ያለ ፀጉር። እኔ ዜና ሊያነብ መስሎኝ ቁጭ ብዬ አዳምጣለሁ። ጀርመኖቹ ልጆች ግን ገና አፉን ሳይከፍት ይንከተከታሉ። እሱ ራሱ ፈገግ አይልም። ያ ሊንገን ነበር። ስለ ሌሎች ቀልድ እያወራ፣ ራሱ ሳይቀልድ የሚያስቅ ሰው ያን ጊዜ ነው ያየሁት።

አሁን ሰብለ፣ አንድ ነገር ላርምሽ፤ አትቀየሚኝ። "አሽከር" አልሽ። አሽከር ይላላካል፣ በቅሎ ይጭናል። ሊንገን የሚጫወተው አጋፋሪ ነው። በድሮው ግብር ቤት አጋፋሪ ማን እንደነበር ታላላቆቻችሁን ጠይቁ። በር ላይ የሚቆመው እሱ ነው። ማን እንደሚገባ፣ ማን ከማን በላይ እንደሚቀመጥ የሚያውቀው እሱ ነው። ጌታው ሊሳሳት ይችላል፤ አጋፋሪው አይሳሳትም። ዱላም በእጁ አለ።

የሊንገን ዱላ አፍንጫው ነው። ጌታው ምን ቢያዋርደው አንገቱን አያጎነብስም፤ "እንደ ፈቃድዎ" ብሎ በአፍንጫው ሲመልስ፣ የቤቱ ባለቤት ማን እንደሆነ ግራ ይገባሃል። ቴዲ የጠየቅከው ሳቅ እዚያ ጋ ነው ያለው። ቃሉ ላይ አትፈልገው።

ሰብለ ግራትስ

ጋሼ፣ ተቀብያለሁ። አጋፋሪ ይሁን።

ሲኒማ ዘበርሊን

አጋፋሪው ልክ ነው። ግን ከዚያ በፊት ሌላ ሊንገን ነበር፤ እሱን ካላወቃችሁ ይህኛው ግማሽ ሰው ነው የሚሆንባችሁ።

በ1931 የወጣውን የፍሪትዝ ላንግን ፊልም "ኤም" ያያችሁ፣ የሌቦቹ አለቆች ጠረጴዛ ከበው የሚመክሩበት ትዕይንት ትዝ ይላችኋል? ከነሱ አንዱ፣ አጭበርባሪው፣ ሊንገን ነው። በላንግ "ዶክተር ማቡዘ" ውስጥም አለ፣ 1933። መድረክ ላይ ደግሞ የጀርመኑ ጸሐፌ ተውኔት የብሬሽት ሰው ነበር። የ"ሦስት ሳንቲም ኦፔራ"ን ዋና ሽፍታ፣ ማክሂትን ተጫውቷል። በ1931 በርሊን ላይ ብሬሽት ራሱ ባዘጋጀው "ሰው ሰው ነው" በሚለው ቲያትር፣ በረጃጅም እንጨት እግሮች ላይ ቆሞ የሚራመደው ወታደር እሱ ነበር። ፎቶው አለ። የ"ኤም" ዋና ተዋናይ ፒተር ሎሬ ከሥር፣ ሊንገን ከላይ።

ብሬሽት ተዋናይ ሚናውን እንዲሆነው አይፈልግም ነበር። ከጎኑ ቆሞ እንዲያሳየው ነው የሚፈልገው። ሊንገን ኮሜዲ ሲሠራ ያደረገው ይኸው ነው። አጋፋሪውን አልሆነም፤ አጋፋሪ ምን እንደሚመስል አሳየን። ለዚህ ነው ከላውረልና ሃርዲ በፊት ሲቀርብ ጋሼ ዜና አንባቢ የመሰለዎት።

ሌላም አለ። በ1928 ያገባት ሴት ማሪያነ ጾፍ ትባላለች፤ የኦፔራ ዘፋኝ። የብሬሽት የመጀመሪያ ሚስት ነበረች። ተፋትተው ነው ያገባት። የብሬሽትን ልጅ ሃነን ያሳደጋት ሊንገን ነው። እሷም አድጋ ሃነ ሂዮብ ተብላ ትልቅ ተዋናይት ሆነች።

ቴዲ ዘሃኖቨር

የጓደኛውን የቀድሞ ሚስት አግብቶ፣ ልጁን አሳድጎ፣ ተውኔቱንም ሠራለት? እኛ ሰፈር ቢሆን ሦስት ዓመት ይወራ ነበር 😂

ጋሼ፣ እግዜር ይስጥልኝ። አጋፋሪ ያሉት ነገር አብርቶልኛል። ሃይዲን ዛሬ ማታ አያለሁ።

ጠያቂው

ፓርቲውን አላበላሽም ግን አንድ ጥያቄ አለኝ። ሰውዬው ከ1933 እስከ 1945 የት ነበር? እኔ እንዳየሁት በርሊን ቁጭ ብሎ ኮሜዲ እየሠራ ነበር። ፊልም ሁሉ በናዚዎቹ የፕሮፓጋንዳ ሚኒስትር በጎብልስ እጅ ነበር። ሰው ወደ ካምፕ እየተጫነ፣ እሱ የሀብታም ኮት እየተቀበለ ያስቅ ነበር። ላንግ ሄደ፣ ሎሬ ሄደ፣ ብሬሽት ሄደ። እሱ ለምን ቀረ? "ገራሚ ተዋናይ ነበር" ብሎ ማለፍ ይቀለናል።

ሲኒማ ዘበርሊን

ጥያቄው የሚገባ ነው፤ አላልፈውም።

አዎ ቀረ። አዎ ሠራ፤ ከ1936 ጀምሮ ግሩንድገንስ ይመራው በነበረው በበርሊኑ የመንግሥት ቲያትርም፣ በፊልምም። ፊልም እያዘጋጀም ነበር። ግን ማሪያነ ጾፍ አይሁዳዊ ደም ነበረባት። በነሱ ሕግ ይህ ለባልየውም ሥራ መከልከል ማለት ነበር። ሊንገን የሠራው በጎብልስ ልዩ ፈቃድ ነው። ፈቃዱ የተሰጠው ሕዝብ ስለሚወደው ነው። ሕዝብ የሚወደው ስለሚያስቅ ነው። እንግዲህ ደምረው፤ ማሳቁን ቢያቆም ሚስቱ ምን ትሆናለች?

ነገሩ በአየር ላይ ያለ ስጋት አልነበረም። ዮአኪም ጎትሻልክ የሚባል ተዋናይ ነበር፣ በጣም የሚወደድ። ሚስቱ አይሁዳዊት ነበረች። ፍታት ሲባል እምቢ አለ። በ1941 ሚስቱንና ልጁን ሊወስዱበት ሲሉ ሦስቱም በርሊን ቤታቸው ውስጥ አብረው ሕይወታቸውን አጠፉ። ሊንገን ያንን የሰማ ሰው ነው። በማግስቱ ሥራ ገብቶ በአፍንጫው ሲናገር ምን እንደተሰማው እስቲ አስበው።

ሞዘርም እንደዚሁ ነው፣ ያ የማይገባህ ሽማግሌ ቴዲ። ሚስቱ ብላንካ አይሁዳዊት ነበረች። ለሂትለር ደብዳቤ እስከ መጻፍ ደርሷል። እሷ ሃንጋሪ ገብታ ተረፈች፤ ከጦርነቱ በኋላ ነው የተገናኙት። በ1950ው ፊልም ስለ እግር ኳስ የሚጨቃጨቁት ሁለቱ ሰዎች ሁለቱም ከዚያ የወጡ ናቸው። እኔ ይህን ካወቅሁ በኋላ ፊልሙን እንደ ድሮው ማየት አልቻልኩም።

ጠያቂው

የጎትሻልክን አላውቅም ነበር። ስለ ሊንገን አንድ ነጥብ መልሻለሁ። ግን ሳቁን ማን ተጠቀመበት የሚለው አሁንም አለ። ሚስቱንም አዳነ፣ ጎብልስም ሕዝቡን አዘናጋበት። ሁለቱም እውነት ነው።

ሲኒማ ዘበርሊን

ሁለቱም እውነት ነው። በዚህ አንጣላም።

መሲ ኢንስብሩክ

እናንተ ክርክራችሁን ቀጥሉ፣ እኔ ግን ማንም ስላላነሳው ፊልም ልንገራችሁ። "ሂን ኡንት ሄር" ይባላል፣ ወዲህና ወዲያ። በ1948 ኦስትሪያ ውስጥ የተሠራ። አዘጋጁ ራሱ ሊንገን፣ ዋናው ተዋናይም እሱ። ተውኔቱ የደራሲው የሆርቫት ነው።

ታሪኩን ስሙ። አንድ ሰው ከሚኖርበት አገር ይባረራል። ድልድዩን ተሻግሮ ወደ ሌላኛው አገር ሲሄድ "አናውቅህም" ይሉታል። ሲመለስ "አባረንሃል እኮ" ይሉታል። ድልድዩ ላይ ቀረ! ከአንዱ ኬላ ወደ ሌላው እየተመላለሰ ይውላል። በእያንዳንዱ ኬላ ትሕትና፣ በእያንዳንዱ ኬላ ባርኔጣ ማንሳት። ያ አጋፋሪ ነው፤ አሁን ግን የሚያጋፍርበት በር የለውም።

እኔ ዱልዱንግ (ከአገር መባረርን ለጊዜው የሚያዘገይ ወረቀት) ይዤ ሦስት ዓመት ተቀምጫለሁ። በየሦስት ወሩ ወረፋ፣ በየሦስት ወሩ ማህተም። አንዷ ሠራተኛ "ወዲያኛው ቢሮ ነው" ትለኛለች፣ ወዲያኛው ቢሮ "ወዲህኛው" ይለኛል። ያን ፊልም ብቻዬን ሳይ እስክነፈርቅ ነው የሳቅሁት። 1948 ላይ አውሮፓ ወረቀት በሌለው ሰው ተሞልታ ነበር፤ አዳራሹ ውስጥ ቁጭ ብለው ያዩት ሰዎች ምን እንዳሉ ባውቅ። ሊንገን ራሱ ከጦርነቱ በኋላ ኦስትሪያዊ ሆኗል፤ ከ1948 ጀምሮ የቪየናው ቡርግቲያትር አባል ነበር።

ቴዲ ዘሃኖቨር

መሲ፣ ይህን ከየት አገኘሽው? እኔም ያቺን ድልድይ አውቃታለሁ። ወደ ውስጥ መልእክት ላኪልኝ እባክሽ።

ሐና ኬ

እኔ ከሌላ በኩል ነው የማውቀው። ባለቤቴ ጀርመናዊ ነው፤ የልጅነት ፊልሞቹ የትምህርት ቤት ቀልዶቹ ናቸው። ከ1968 እስከ 1972 ሰባት ፊልም ወጥቷል። ፔፔ የሚባል ተንኮለኛ ተማሪ መምህራኑን መድረሻ ያሳጣቸዋል፤ ሊንገን ዶክተር ጎትሊብ ታፍት የሚባለው ዳይሬክተር ነው። አንዱ ላይ ፔተር አሌክሳንደርና ሕፃኑ ዘፋኝ ሃይንቼ ሁሉ አሉ።

እውነቱን ለመናገር ፊልሞቹ ቀሽም ናቸው። ባለቤቴ ይህን እንዳያነብ። ቀልዱ ሁሉ አስቀድሞ ይታወቃል። ግን ሊንገን ብቅ ሲል ዓይንሽ እሱ ላይ ይቀራል። ስልሳ አምስት ዓመት አልፎታል፣ ዙሪያው ሁሉ ይጮኻል፣ ይሮጣል፣ ይወድቃል። እሱ ክራቫቱን ያስተካክላል። ትምህርት ቤቱ እየፈረሰ ክራቫቱን ያስተካክላል! እኔን የሚገድለኝ እሷ ናት።

እንግዲህ ጋሼ፣ አጋፋሪው አድጎ ዳይሬክተር ሆነ ማለት ነው?

የድሮው ተማሪ

ሆነ እንጂ ሐናዬ። ግን ሹመቱ ባዶ ነበር። በ1930ዎቹ ፊልሞች የሰው ቤት ሥርዓት ጠባቂ ሆኖ ሁሉም ይፈራው ነበር። በ1968 የራሱ ቢሮ፣ የራሱ ማህተም አለው፤ ግን የሚሰማው የለም። ተመልካቹም የሚስቀው በዚህ ነው።

ጠያቂው ያነሳውን ልጨምርበት። በዚያው በ1968 እውነተኞቹ የጀርመን ተማሪዎች አደባባይ ወጥተው አባቶቻቸውን "በጦርነቱ ጊዜ ምን ትሠሩ ነበር?" እያሉ ይጠይቁ ነበር። ሲኒማው ውስጥ ግን ተማሪው መምህሩን ያታልለዋል እንጂ አይጠይቀውም። ሁለቱም ጥርግ ብለው ስቀው ወደ ቤታቸው ይሄዳሉ። ፊልሞቹ ያን ያህል ገበያ ያገኙት በዚህ ይመስለኛል። እኛ የደረስነው ትንሽ ቆይተን ነው፤ ያን ጊዜ የኛ ልጆችም የራሳቸው ስብሰባና ክፍፍል ነበራቸው፤ ለሳቅ ጊዜ አልነበረንም። ማክሰኞ ላይ ስብሰባ፣ ሐሙስ ላይ ስለ ማክሰኞው ስብሰባ ግምገማ። ላውረልና ሃርዲን እንኳ ያየሁት ተደብቄ ነው።

ሙኒክ ባቡር

ከርዕስ ወጣህ ካላችሁኝ ይቅርታ። ስለ በር ጠባቂ ስታወሩ ሁበርት ፎን ማየሪንክ ትዝ አለኝ። ራሰ በራ፣ ቀጭን ጢም፣ መኳንንት የሚመስል (እውነትም የመኳንንት ልጅ ነው፣ ፖትስዳም 1896)። የቢሊ ዋይልደርን "አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት" ያየ ያውቀዋል። የበርሊኑ የኮካ ኮላ አለቃ፣ ኮሚኒስቱን ልጅ ባንድ ጊዜ የጨዋ ልጅ ለማድረግ ካውንት (የመኳንንት ማዕረግ ያለው ሰው) ይከራይለታል። ካውንቱ ማየሪንክ ነው። አሁን ግን የሚሠራው ሽንት ቤት ጽዳት ላይ ነው! በገንዘብ ልጁን ጉዲፈቻ ይወስደዋል፣ የቤተሰብ አርማውንም ይሰጠዋል። ጥቂት ደቂቃ ብቻ ነው የሚታየው፤ ፊልሙን ይዞት ይሄዳል። ቀረጻው መሀል ላይ፣ ነሐሴ 1961፣ የበርሊን ግንብ ተገነባ። የብራንደንቡርግን በር ሙኒክ ላይ እንደ አዲስ ሊሠሩት ተገደዱ።

የዚያ ዘመን ኮሜዲ እንዲህ በመሰሉ ፊቶች የተሞላ ነው። ዋናዎቹን ውብ ልጆች ማንም አያስታውሳቸውም። ጢሙንና አፍንጫውን ግን ሁሉም ያስታውሳል።

ሰብለ ግራትስ

የተዋናይ ፍቅር ይኸው ነው። ሊንገን ከሁለት መቶ በላይ ፊልም ላይ አለ። ስንቱ ላይ ፍቅረኛዋን አገኘ? የሴቷን ሻንጣ ነው የሚሸከመው።

በነገራችን ላይ የ1950ው የእግር ኳስ ፊልም ሲወጣ በብራዚሉ ዓለም ዋንጫ ጀርመን አልነበረችም። ቴዲ፣ ያቺ እናት ያን ጊዜ ኮረዳ ነበሩ። ለዚያ ይሆናል ያልጠፋቸው።

ቴዲ ዘሃኖቨር

ቤቶች፣ ሪፖርት ይዤ መጣሁ።

እሑድ ከሰዓት ሥራ ቀለል ሲል ታብሌት ይዤ እናቲቱ ክፍል ገባሁ። ሃይዲን ከፈትኩላቸው። ትራሳቸውን አቃናሁ፣ መነጽራቸውን ጠረግሁ። ተራራው ሲመጣ ዝም። ፍየሎቹ ሲመጡ ዝም። ፍራንክፈርት ደረስን፤ በሩ ተከፈተ፣ ዘባስቲያን ወጣ፣ አገጩ ቀና ብሏል። እኔ ልቤ ድው ድው ይላል፤ አሁን ያውቁታል ብዬ።

ወደ ስክሪኑ ጠጋ አሉ። ረጅም ጊዜ አዩት።

"ማነው ይሄ?" አሉኝ።

"ቴዎዶር ነዋ!" አልኩ።

"አይደለም" አሉ፣ ቆጣ ብለው። በጣታቸው ደረቴን ነካ ነካ አደረጉኝ። "ቴዎዶር አንተ ነህ።" ከዚያ አፍንጫቸውን ያዙ።

እስከ መጨረሻው አብሬያቸው ዘፈንኩ፣ በአፍንጫዬ። ተረኛዋ ነርስ በሩ ላይ ቆማ ቀርጻናለች፤ ቪዲዮውን ግን አልሰጣችሁም።

ሰብለ ግራትስ

እንግዲህ ቴዲ በረኛው ተብለህ ቀረህ። የመድረክ ስምህን ከአሁኑ ቀይር።